የማይረገጥ ደረጃ

ማዘጋጃ ቤትን መርገም በከተማችን የሰላምታ ያህል ነው። ሁለት ሰዎች ተገናኝተው የጤና ነገር ከተጠያየቁ በኋላ ወደዚያው ይሄዳሉ፤ መዝገቡ ጠፋ፣ ሹሙ የለም፣ ነገ ተመለስ ተባልኩ። እኔ የዚህ ማኅበር አባል ሆኜ አላውቅም። ሆዴን ይዤ የሳቅኩባቸውን ቀናት ብቆጥር፣ አብዛኞቹ አንድ ምድር ቤት ለመጨረስ ፈቃድ ስጠይቅ የከረምኩባቸው ቀናት ናቸው። ከዚያ ወዲህ አስቂኝ የተባሉ መጻሕፍት በብዛት አንብቤአለሁ። የሕንፃ ፈቃድ ክፍልን የሚያህል አላገኘሁም።

ነገሩ የሆነው በሃምሳዎቹ መጨረሻ ገደማ ነው። ሠላሳ ያልሞላኝ የማተሚያ ቤት አራሚ ነበርኩ። የሰው ስሕተት እየለቀምኩ ስለምኖር ራሴ የምሳሳት አይመስለኝም ነበር። ከባለቤቴ ጋር የምንኖረው ጎፋ፣ ቁልቁለቱ ላይ ነው። ቤታችን ከመንገዱ በኩል ሲያዩት ባለ ሁለት ክፍል ጭቃ ቤት ነው። በታች በኩል ዞረው ሲያዩት ግን ረጅም የድንጋይ ግንብ ላይ ተቀምጧል፤ በግንቡም ውስጥ ሰፊ ባዶ ቦታ አለ። ከእኛ በፊት የነበሩት ሰው ድርቆሽ ያከማቹበት ነበር። ወደ ቁልቁለቱ የሚከፈት የራሱ በር አለው። መስኮት የለውም፤ ወለሉም አፈር ነው።

በዚያ ዓመት ባለቤቴ የመጀመሪያ ልጃችንን አርግዛ ነበር። እናቷ ፉሪ ይኖራሉ፤ ከቅድመ አያት ጀምሮ እዚያው ሲያርስ የኖረ ቤተሰብ ነው። ባላቸው ከሞቱ በኋላም በሬ አስጠምደው ያሳርሱ ነበር። ሴትዮዋ የአማትና የአማችን ደንብ እንደ ጾም ያጠብቃሉ። በእርሳቸው ሕግ አማት አማቿ ፊት አትበላም፣ እርሱ በሚገባበት በር አትገባም፣ ስሙን አትጠራም፣ በቀጥታም አታናግረውም። ሁለት እርምጃ ርቄ ቆሜ እንኳ የሚሉኝ ካላቸው «ለባለቤትሽ ንገሪያቸው» ብለው በልጃቸው በኩል ይልኩብኛል። ልጃቸው ከሌለች ለግድግዳው ይነግሩታል፤ ግድግዳው መልስ ስለማይሰጥ እኔ እሰጣለሁ።

ባለቤቴ አንድ ቀን ጫማዬን ሳላወልቅ ቁርጡን ነገረችኝ። «ክረምት ሳይገባ እናቴ እዚህ ካልገባች፣ እኔ ፉሪ ሄጄ እወልዳለሁ። የምመለሰውም መንገዱ ሲደርቅ ነው።» መንገዱን የማያውቅ ሰው ይህ ቀላል ነገር ይመስለዋል። በዚያን ጊዜ በጎፋና በፉሪ መካከል ያለው ጥቁር አፈር ሰኔ ላይ አንዴ ከራሰ፣ ጫማን ከነእግሩ የሚውጥ ነበር። ልጄን ለመጀመሪያ ጊዜ የማየው መስከረም ላይ ሊሆን ነው። እርሳቸው ደግሞ በአማቻቸው በር ገብተው ከአማቻቸው ጎን አይኖሩም። የቀረን መላ አንድ ብቻ ነው፤ ምድር ቤቱ፣ ከነራሱ በር።

ፈቃድ እንደሚያስፈልግ የነገረኝ ግንበኛው ነው። ማመልከቻዬን በግማሽ ገጽ ጽፌ፣ ደጋግሜ አርሜ፣ ወደ ማዘጋጃ ቤት ወረድኩ። አጥሩ ሥር ፀሐይም ዝናብም በሌለበት ጥቁር ጃንጥላ ዘርግተው የተቀመጡ አንድ ማመልከቻ ጸሐፊ ነበሩ። ቴምብር የት እንደሚሸጥ ስጠይቃቸው ወረቀቴን ከእጄ ወስደው አነበቡና በሐዘኔታ አዩኝ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ማመልከቻ።»

«አይደለም፤ ይሄ ለጓደኛህ የተጻፈ ነው። እንባው የት አለ?»

«የምን እንባ? ምድር ቤት ልጨርስ ነው እኮ የምጠይቀው!»

«አየህ የተማረ ሰው ችግሩ ይሄ ነው። ሹሙ ጧት ማታ የሚያነበው ምድር ቤት ነው። ለምድር ቤት ማን ያዝናል? የሚታዘነው ለሰው ነው። ማን ሊገባበት ነው?»

«አማቴ።»

«አሮጊት ናት?»

«ስልሳ ቢሆናቸው ነው።»

«ባል አላት?»

«ሞተዋል።»

«ተባረክ!» አሉና ብዕራቸውን ነከሩ።

እኔ ሰው ራሱን ጉድጓድ ሳይከት አቤት ማለት የማይችልበትን ልማዳችንን ስነቅፍ የኖርኩ ሰው ነኝ። ነገር ግን ሰውዬው የጻፉት ያምር ነበር። «ዓይኗ ፈዞ፣ ጉልበቷ ዝሎ፣ የፀሐይን ብርሃን ካየች ዘመን ያለፋት አንዲት ምስኪን ባልቴት ከመሬት በታች ባለ ጨለማ ስፍራ ተጥላ ስለምትገኝ፣ ቢያንስ መስኮት ይከፈትላት ዘንድ» እያለ ይወርዳል። ቃላቱ እንደ ዝማሬ ይሄዳሉ። አንድም የፊደል ግድፈት አላገኘሁበትም። ስለ አማቴ የተጻፈ አንድም እውነት አለመኖሩን ልብ ማለት የነበረብኝ ያኔ ነው፤ እኔ ግን አንድ ነጠላ ሰረዝ ጨምሬ ፈረምኩ።

በአራተኛው ቀን መልስ መጣ። እንዲህ ፈጥኖ የተመለሰ ማመልከቻ ሰምቼ አላውቅም። ለካ ማመልከቻው ጮክ ተብሎ ተነብቦ ቢሮው በሙሉ አዝኖ ኖሯል። ሹሙም ኅዳጉ ላይ «ሴትየዋ በአስቸኳይ ትውጣ፤ ክፍሉም ይታሸግ» ብለው መርተውበታል። ትእዛዙን ይዞ የመጣው ረጅም ካፖርት የለበሰ ቀጭን ተቆጣጣሪ ነው። ከኋላው ገመድና ቀይ ሰም የያዘ ዘበኛ ይከተለዋል።

ዕለቱ ቅዳሜ ነበር፤ አማቴ ቦታውን ሊያዩ ከፉሪ መጥተዋል። ምድር ቤቱ በር ላይ ቆመው በዱላቸው ድንጋይ እየጠቆሙ ግንበኛውን ያዝዛሉ። ባለቤቴ አጠገባቸው በርጩማ ላይ ተቀምጣለች።

«አሮጊቷ የት ናት?» አለ ተቆጣጣሪው።

«የትኛዋ አሮጊት?» አሉ አማቴ።

ሰውዬው ወረቀቱን ዘርግቶ ከላይ እስከ ታች አነበበው። ድምፁ ጥሩ ነበር። አማቴ ዱላቸው ላይ ተደግፈው ከንፈራቸውን እየመጠጡ ሰሙ፤ ሲጨርስም ነጠላቸውን ወደ ዓይናቸው ሰደዱ።

«ያ ዋቅ! አምላኬ! ማን ናት እሷ ምስኪን? ልጅ የላትም እንዴ?»

«እሷን ነው የምንፈልገው፣ እናቴ። አድራሻው እዚህ ነው የሚለው።»

«እዚህ ሰፈር? ታዲያ ምነው ሳትነግሩኝ! ትንሽ ቅቤ እንኳ ይዤላት በመጣሁ!»

ባለቤቴ ሁለት እጇን አፏ ላይ ጭናለች። እኔ መሬቱ ተከፍቶ እንዲውጠኝ እየጠበቅሁ ነው። ጥቁሩ አፈር ለወትሮው ይህን ያደርግ ነበር፤ የዚያን ቀን ግን ደርቋል።

«እናቴ፣» አለ ተቆጣጣሪው ቀስ ብሎ፣ «ወረቀቱ የአመልካቹ አማት ናት ነው የሚለው።»

አማቴ ዱላቸውን መሬት ላይ ተከሉ። ከዚያ ወደ እኔ ሳይሆን ወደ ልጃቸው ዞሩ። «ለባለቤትሽ ንገሪያቸው። ዓይኔ የፈዘዘው ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ ቀኑን ይንገሩኝ።»

«እናቴ ... ቀኑን ...» ብላ ጀመረች ባለቤቴ፤ ሳቁ አላስጨረሳትም።

«ጸሐፊው ናቸው በያቸው! እኔ እንዲህ አላልኩም!» አልኩ።

«ፈርመዋል ወይ በያቸው።»

«ፈርመሃል ወይ?»

«ፈርሜአለሁ።»

አማቴ ራሳቸውን ነቀነቁና ዱላቸውን ወደ ዘበኛው ቀሰሩ። «አንተ ልጅ፣ ካፖርትህ ላይ ከላይ ሦስተኛው ቁልፍ የለም። ከጀርባህ፣ ያውና ማዶ፣ ዳገቱን የሚወጣውን ሰውዬ ታየዋለህ? አህያው የኋላ ግራ እግሩን ያነክሳል።»

ሁላችንም ዞርን። ከማዶ ቁንጫ የምታህል ነገር ዳገቱን ትወጣለች። ዓይናችንን አጥብበን ብዙ ካየን በኋላ፣ እውነትም ታነክሳለች። ተቆጣጣሪው ግንቡን ተደግፎ እስኪያለቅስ ሳቀ። ዘበኛው በአንድ እጁ ካፖርቱን ሰብስቦ፣ በሌላው ቀዩን ሰም ኪሱ ከተተ።

«ከመጣሁ አይቀር ልለካው፣» አለ ተቆጣጣሪው ዓይኑን እየጠረገ።

ለካው። ጥቅልል ሜትሩን ከአፈሩ እስከ ላይኛው ቤት የወለል ጣውላ ዘርግቶ ከፍታው አንድ ስንዝር እንደሚጎድል ነገረኝ። ሰው የሚኖርበት ምድር ቤት ሁለት መስኮት ያስፈልገዋል። ከቁልቁለቱ የሚመጣውን ውሃ የሚያሻግር ቦይ ያስፈልገዋል። እኔም «እሺ፣ እሺ» እያልኩ ስጽፍ መጨረሻ ላይ፣ «ከላይኛው ቤት ጋር የሚያገናኝ የውስጥ ደረጃም ይሠራለታል፤ ያለዚያ በአንድ ቦታ ላይ ሁለተኛ ቤት ተደርጎ ይቆጠራል፣ ሁለተኛ ቤት ደግሞ አይፈቀድም» አለ።

አማቴ የሰሙት ይህን ብቻ ነው። «ለባለቤትሽ ንገሪያቸው። ደረጃ ካለ እኔ የለሁም።»

ባለቤቴ መሳቋን አቆመች።

ስንዝሯን ከግንበኛው ጋር ቆፈርናት። ስንዝር ሲባል ትንሽ ይመስላል፤ የአንድ ቤት ወለል በሙሉ ስንዝር ቆፍሮ ጥቁር አፈር ተሸክሞ ያላወጣ ሰው ስለ ስንዝር ባይናገር ጥሩ ነው። አማቴ ቅዳሜ ቅዳሜ እየመጡ ይመረምራሉ። ያ አፈር በጋ ተሰነጣጥቆ ክረምት እንደ ሊጥ እንደሚነሳ ከግንበኛው ይልቅ የሚያውቁት እርሳቸው ናቸው። ወለሉ ሥር ድንጋይ እንዲጠቀጠቅ፣ በላዩ ቀይ አፈር እንዲደለደል አዘዙ፤ ግንበኛው አጉረመረመና እንዳሉት አደረገ። ለእኔም መልእክት አልተቋረጠም፤ «ንገሪያቸው፣ አካፋ እንደ ብዕር በሦስት ጣት አይያዝም።» ሲሠራ ያዩታል፣ ያሻሽሉታል፣ ግን አይገቡበትም። ደረጃው በመካከላችን ቆሟል። ግንቦት እያለቀ ነው፤ ባለቤቴም ልብሷን ማጠፍ ጀምራለች።

አንድ ሰኞ ጧት አማቴ ነጭ ነጠላቸውን ለብሰው መጡ። ሹሙን እኔው አነጋግራለሁ አሉ። ባለቤቴን ያን ዕለት ስለደከማት ሁለታችን ብቻችንን በሰይቼንቶ ታክሲ ሄድን፤ እርሳቸው ከኋላ፣ እኔ ከፊት። እንደተነሳን የሾፌሩን ትከሻ መታ መታ አደረጉት።

«ልጄ፣ አጠገብህ ለተቀመጡት ሰውዬ ንገርልኝ። እዚያ ስንደርስ የምናገረው እኔ ነኝ።»

ሾፌሩ እኔን አየኝ፣ እርሳቸውን በመስታወት አያቸው። «ጋሼ፣ ሰምተዋል አይደል?»

«ሰምቻለሁ። ግን ንገረኝ።»

«እ... የሚናገሩት እሳቸው ናቸው፣ ይላሉ።»

«እሺ በላቸው።»

«እማማ፣ እሺ ብለዋል።»

«ማመልከቻ እንዳያጽፉም ንገራቸው።»

«ማመልከቻ እንዳያጽፉ፣ ጋሼ።»

«ሁለተኛ አይለመደኝም በላቸው።»

ሾፌሩ ለገሃር ስንደርስ ሥራው ጥሞት ነበር። «እማማ፣ አይለመደኝም ብለዋል፤ ፊታቸውን ሳየው ከልባቸው ነው» እያለ ከራሱ ይጨምርልኝ ጀመር። ስንወርድ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ለሁለታችንም ተራ በተራ ሰገደ።

ሹሙ ቢሮ ስንገባ መዝገባችንን አስወጥተው አነበቡ። ከዚያ ቀና ብለው አማቴን ከእግር እስከ ራስ አዩ። ከመቀመጫቸውም ተነሡ።

«እናቴ፣ እንዴት ወጡ?»

«ከየት?»

«ከጉድጓዱ።»

«ኧረ ገና አልገባሁም! እንድገባ ነው የመጣሁት።»

ጥግ ላይ የተቀመጠው የሹሙ ጸሐፊ መዝገብ ከፍቶ ፊቱን ደበቀ። አማቴ ወንበር ተሰጣቸው፤ ነገሩን ከሥሩ አስረዱ። ልጃቸው ልትወልድ ነው። በአማቻቸው በር መግባት አይችሉም። ደረጃ ማለት ደግሞ በር ማለት ነው፤ ቆሞ የሚሄድ በር። እርሳቸው ሲወጡ እኔ ስወርድ ብንገናኝስ? ማን ለማን ዞር ይላል? ዞር በል እንኳ ቢሉኝ በማን በኩል ይሉኛል?

«አማችዎን ጨርሶ አያናግሩም?» አሉ ሹሙ።

«ምን በወጣኝ!»

ሹሙ ብዕራቸውን አስቀምጠው ወደ ጸሐፊው ዞሩ። «የእኔዋም እኮ እንዲሁ ናቸው፤ ካናገሩኝ ዘመን አልፏል።»

«የእርስዎዋ እንኳ ለደንብ ብለው አይደለም ጌታዬ፣ በኩርፊያ ነው» አለ ጸሐፊው ከመዝገቡ ኋላ።

ቢሮው በሳቅ ፈረሰ። አማቴ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ ሳቁ፤ ከእርሳቸው ጋር በአንድ ክፍል ውስጥ ስስቅ የመጀመሪያዬ ነው። ሁለታችንም በየፊናችን ወደ መስኮቱ እያየን ነበር የምንስቀው። ሹሙ የሕንፃ ደንቡን አንሥተው ገለጡ፣ አንዱን መስመር በጣታቸው እየተከተሉ ሁለት ጊዜ አነበቡት። እኔ በአራሚነት ዘመኔ አንድን ዐረፍተ ነገር በእንዲህ ያለ ፍቅር የሚያነብ ሰው አላየሁም።

«ደንቡ ደረጃ ይኑር ይላል፣» አሉ በመጨረሻ። «ይወጣበት፣ ይወረድበት አይልም።»

አማቴ አሰቡበት። «ይጻፍልኝ።»

ኅዳጉ ላይ ጻፉላቸው፤ ማህተምም መቱበት።

ደረጃው በሁለት ሳምንት ተሠራ፤ ጠባብ የድንጋይ ደረጃ ነው፣ ጫፉ ላይ መጻሕፍቴ ወዳሉበት ክፍል የሚከፈት በር አለው። የመጨረሻው ምርመራ ቀን ሰማዩ ከጧት ጀምሮ ጠቁሮ ነበር። አማቴ ስድስት አህያ አስጭነው መጥተዋል፤ ጤፍ፣ የጠፍር አልጋ፣ የቅቤ ቅል፣ እግራቸው የታሰረ ዶሮዎች። «ሳይፈረም አንድ ቅል አታወርዱም» ብለው አህያ ነጂዎቹን አስጠንቅቀዋል። ባለቤቴም ጓዟን ቋጥራ በራፉ ላይ አስቀምጣዋለች። ካልተፈረመ ዝናቡ ሳይቀድማቸው ከአህዮቹ ጋር ፉሪ ልትሄድ ነው። አልተጣላንም፤ እያሳቀችኝ ነበር የቋጠረችው። ግን ቋጥራዋለች።

ተቆጣጣሪው መስኮቶቹን ከፍቶ ዘጋ። ቦዩ ላይ አንድ ማሰሮ ውሃ አፍስሶ ሲወርድ አየው። ከፍታውን ለካ፤ እንዲያውም ሁለት ጣት ተርፏል። «ደረጃውን ልይ» አለና ወደ ላይ ወጣ። እኛ ታች በሩ ላይ ቆመን ጠበቅነው። ትንሽ ቆይቶ ከግንቡ ውስጥ ዱብ ዱብ የሚል ነገር ተሰማ፤ ቀጥሎ የታፈነ ድምፅ፤ «አይከፈትም!»

ያኔ ትዝ አለኝ። በሩ ድንገት እንኳ እንዳይከፈት፣ ለአማቴ ክብር ስል፣ የመጽሐፍ መደርደሪያዬን አስጠግቼበታለሁ።

ግንቡን ዞሬ ዳገቱን እየሮጥኩ ወጣሁ። መደርደሪያው ንቅንቅ አይልም። በእኔ በኩል መጽሐፍ አወርዳለሁ፤ በእርሱ በኩል ሰውዬው በትከሻው ይገፋል። «አንዴ ይቆዩ!» ስለው አልሰማኝም። አንድ የመጨረሻ ግፊት ገፋ፤ መደርደሪያው ወደ ጎን ዘመመና በሩ በክርኑ ልክ ተከፈተ፤ ጭንቅላቱን ሲያወጣ የላይኛው ረድፍ እንዳለ ወረደበት። አቧራ ለብሶ፣ አንድ ወፍራም ጥራዝ እጁ ላይ ይዞ ቆመ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ፍልስፍና ነው።»

«ከባድ ነው» አለ ራሱን እያሻሸ።

ይቅርታ ልጠይቅ አፌን ስከፍት እጁን አነሣ። ከኪሱ የሹሙን ጽሑፍ አውጥቶ አነበበ፤ ወደ ኋላ ዞሮ ደረጃውን አየ፤ እንደገና አነበበ። «ደረጃ አለ» አለ ለራሱ። ፍልስፍናውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ወረቀቱን በላዩ ዘርግቶ ፈረመ። ያ መጽሐፍ እኔ ዘንድ ሲኖር ለሰው የጠቀመው የዚያን ዕለት ብቻ ነው።

በመስኮቱ ብቅ ብዬ ወረቀቱን አውለበለብኩ። አማቴ ማንበብ አይችሉም፤ ከዚያ ርቀት ማህተሙን አይተው ወደ ልጃቸው ዞሩ።

«አለቀ?»

«አለቀ!»

«አውርዱ!» አሉ።

የመጀመሪያዎቹ ጠብታዎች የወደቁት ጤፉ ሲራገፍ ነው። ከዚያ ሰማዩ ተዘረገፈ። አህያ ነጂዎቹ፣ ግንበኛው፣ ደረጃውን ወርዶ የተቀላቀላቸው ተቆጣጣሪ፣ ዶሮዎቹና ባለቤቴ ሁሉም ተጋፍተው በታችኛው በር ገቡ። ቅቤው ተከፈተ፣ አምባሻ ተቆረሰ፣ አማቴም ሊበሉ ነው። ስለዚህ እኔ ልገባ አልችልም።

የባለቤቴን ጓዝ ከበራፉ አንሥቼ ፈታሁትና ልብሷን ወደ ሣጥኑ መለስኩት። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ከታች አንድ ወሬ እንኳ አይሰማኝም። ወለሉ ላይ፣ በተበተኑት መጻሕፍት መካከል፣ በሆዴ ተኝቼ ጆሮዬን ጣውላው ላይ ለጠፍኩ። የአማቴ ድምፅ አንድ ነገር አለ፤ ሁሉም በሳቅ ፈነዱ፤ ተቆጣጣሪው እንደ ልማዱ እስኪያለቅስ፣ ባለቤቴ ከሁሉም በላይ። ምን እንዳሉ አልሰማሁም፤ ስለ እኔ እንደሆነ ግን አያጠራጥርም። እዚያው ተኝቼ አብሬአቸው ሳቅኩ።